የአንባብያን ጥያቄ፦ ፎርክሊፍት ነጂው ተዋናይ

ሰላም ናችሁ? ባለፈው እትም ስለ ጀርመን ፊልሞች ሁለት ሦስት መስመር ጣል አድርጌ ነበር። ከዚያ ወዲህ ስልኬ አላረፈም። ሁሉንም ማስተናገድ ስላልቻልኩ አራት ጥያቄ መርጫለሁ። «ስሜ ይቆይ» ያላችሁ ስላላችሁ የሁላችሁንም ስም ትቼ የመጣችሁበትን ቦታ ብቻ ጽፌያለሁ። ዓመተ ምሕረቱ በሙሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው።

ከደብረ ብርሃን

«ጋሼ፣ እኔ ፋብሪካ ውስጥ ፎርክሊፍት፣ ያ ዕቃ የሚያነሣው መኪና፣ ነጂ ነኝ። ማታ ማታ ፊልም አያለሁ። አንድ ጓደኛዬ በፍላሽ የጀርመን ፊልም ሰጠኝ። ዕድሜ ልኩን ምድር ቤት ተዘግቶበት የኖረ፣ መራመድም መናገርም የማያውቅ ሰው ታሪክ ነው። ፊልሙን ካየሁት ሦስት ሳምንት ሆነኝ፤ የሰውዬው ፊት ግን ከዓይኔ አልጠፋ አለ። ጓደኞቼ 'ይሄማ ትወና አይደለም፤ ሰውዬው ራሱ እንደዚያ ነው' ይሉኛል። እውነት ነው? ተዋናይ ነው ወይስ አይደለም? በኋላስ የት ደረሰ? ይሄን የምጠይቅህ እኔም መተወን ስለምፈልግ ነው። ትምህርቱን ግን አልተማርኩም።»

ወንድሜ፣ አንድ ነገር አስቀድሜ ልንገርህ። ያ ፊቱ ከዓይንህ አልጠፋ ያለህ ሰውዬ ፎርክሊፍት ነጂ ነበር። በርሊን ውስጥ፣ ብረታ ብረት ፋብሪካ። ደብዳቤህን ሳነብ ደንግጬ ሁለቴ ነው ያነበብኩት።

በፊልሙ ላይ ስሙ «ብሩኖ ኤስ» ተብሎ ነው የሚጻፈው። ሙሉ ስሙ ብሩኖ ሽላይንሽታይን ነው። በ1932 በርሊን ተወለደ። ገና ትንሽ ልጅ ሳለ ከእናቱ ተለይቶ ወደ ማሳደጊያ ገባ፤ ከዚያ ከአንዱ ተቋም ወደ ሌላው፣ ከማሳደጊያ ወደ አእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል፣ ከ20 ዓመት በላይ እንዲሁ ሲንከራተት ኖረ። ዘመኑን አስበው። ናዚዎች የአእምሮ ሕሙማንንና አካል ጉዳተኞችን፣ ሕፃን አዋቂ ሳይሉ፣ «አይጠቅሙም» ብለው የሚገድሉበት ጊዜ ነበር። ብሩኖ ከዚያ ተርፎ የወጣ ሰው ነው።

ከወጣ በኋላ ፋብሪካ ገባ። አኮርዲዮን መጫወት፣ ቃጭልና ትንንሽ ደወሎች መምታት ተማረ። ቅዳሜና እሑድ እየዞረ ይዘፍን ነበር። የበርሊን አሮጌ ሕንፃዎች ከመንገድ የማይታይ የውስጥ ግቢ አላቸው፤ በአራቱም በኩል መስኮት ነው። እዚያ መሐል ቆሞ ስለ ግድያ፣ ስለ መከራ፣ ስለ ድሃ ልጅ የሚያወሩ የድሮ ዘፈኖችን ያሰማል። እሱ ግን «እዘፍናለሁ» አይልም ነበር። «አስተላልፋለሁ» ነበር የሚለው፤ መልእክት እንደሚያደርስ ሰው።

ይሄን መጀመሪያ ሳነብ ወዲያው ትዝ ያሉኝ ላሊበላዎች ናቸው። እኔ ሰላ ድንጋይ አካባቢ ነው ያደግሁት። ታኅሣሥ ላይ ውርጩ ሣሩን አንጥቶት ሲያድር፣ ገና ጎህ ሳይቀድ ይመጡ ነበር፤ ባልና ሚስት። እሱ ያወጣል፣ እሷ ትቀበላለች። የአባወራውን ስም ከጎረቤት ጠይቀው ይዘው ነው የሚመጡት። ስለዚህ እንቅልፍ ላይ ሆነህ የአባትህን ስም በዜማ ትሰማለህ። እናቴ ባናዋን ተከናንባ በሩን ገርበብ ታደርግና የሰጠችውን ትሰጣለች፤ እነሱም መርቀው ወደሚቀጥለው ደጅ ያልፋሉ። ፊታቸውን አንድም ቀን በደንብ አይቼው አላውቅም። ሰው «ካልዘፈኑ ቁምጥና ይይዛቸዋል» እያለ ያወራ ስለነበር እኛ ልጆቹ እንፈራቸው ነበር። አሁን ሳስበው ያንን ድምፅ የሚያህል ድምፅ ከዚያ በኋላ ስንቴ ሰምቻለሁ? ብሩኖን ስታስብ እንደዚያ አስበው። ደጅ ላይ ቆሞ የሰውን መከራ የሚያስተላልፍ፣ ግን ማንም ፊቱን ልብ ብሎ የማያየው ሰው።

ያንን ፊት ያየው ቬርነር ሄርዞግ ነው። ወጣት ዳይሬክተር ነበር። ስለ ብሩኖ የተሠራ አንድ ዘጋቢ ፊልም አየና፣ በእጁ ለነበረው የካስፓር ሃውዘር ታሪክ ከዚህ ሰው ሌላ አልፈልግም አለ። ካስፓር ሃውዘር እውነተኛ ሰው ነው። በ1828 ኑረምበርግ ከተማ አደባባይ ላይ ደብዳቤ ይዞ ቆሞ የተገኘ ልጅ ነው፤ ዕድሜው ወደ 16 ገደማ፣ ከጥቂት ቃል በቀር መናገር የማይችል ነበር። ብሩኖ ግን ከ40 ዓመት በላይ ነበር። ገንዘብ የሚያወጡት ሰዎች ይሄ እብደት ነው ቢሉ አይፈረድባቸውም። ፊልሙ በ1974 ወጣ፤ የጀርመንኛ ርእሱ «ሁሉም ለየራሱ፣ እግዜር ደግሞ በሁሉም ላይ የተነሣ» እንደማለት ነው። በ1975 ፈረንሳይ አገር በሚካሄደው የካን ፊልም ፌስቲቫል ላይ የዳኞችን ታላቅ ልዩ ሽልማት አገኘ።

አሁን ወደ ጓደኞችህ ክርክር እንምጣ። «ራሱ እንደዚያ ነው» ይላሉ። እኔ በፍጹም አልስማማም፤ ምክንያቴንም ልንገርህ።

ብሩኖ የሚናገረው የበርሊን የድሆች ሰፈር አነጋገር ነው። ፊልሙ ላይ ግን የመጽሐፍ ጀርመንኛ ነው የሚናገረው። አንተ ከመንዝ የመጣ፣ ፊደል በወጉ ያልቆጠረ አንድ ሰው አስብ፤ ካሜራ ፊት ቆሞ የሬዲዮ ዜና አንባቢ አማርኛ ተናገር ተባለ። እያንዳንዱን ቃል ከባድ ድንጋይ እንደሚያነሳ ሰው ያነሳዋል፣ ያስቀምጠዋል። ብሩኖ እንደዚያ ነው የተናገረው። በዚህም የተነሳ ስታየው ቋንቋ የሚባል ነገር ለመጀመሪያ ጊዜ አፉ ውስጥ የገባ ሰው ይመስልሃል። ይሄ በአጋጣሚ የመጣ አይደለም። ቃሉን አጥንቶ፣ ቀን ሙሉ ለፍቶበት ነው።

ሻማዋን ታስታውሳለህ? የሻማ ነበልባል ያያል። ጣቱን ይሰዳል። ያቃጥለዋል። ፊቱ ግን አይለወጥም፤ እንባው ብቻ ይወርዳል። ሌላ ቦታ ደግሞ ሕፃን ያስታቅፉታል፤ አቅፎ ያለቅስና ለሕፃኑ እናት እኔ ከሁሉም ነገር ተለይቼ ርቄያለሁ ይላታል። እስኪ አንድ ተዋናይ እንዲህ አድርግ በለው። ያለ ፊት እንቅስቃሴ ማልቀስ ስንቱ ይችላል? ብሩኖ የራሱን መከራ ያውቃል፤ እውነት ነው። ግን መከራ ያየ ሰው ሁሉ መከራውን በተባለው ሰዓት፣ በተባለው ቦታ፣ መብራት ተበርቶበት፣ ሃያ ሰው እያየው ማውጣት አይችልም። እዚያ ላይ ነው ትወናው።

ሥራው ቀላል አልነበረም። ሄርዞግ ሲናገር፣ ቀረጻ መሐል ብሩኖ ድንገት ይነሣና ስለደረሰበት ግፍ ረጅም ሰዓት ይናገር ነበር፤ ሠራተኛው ሁሉ ሥራውን አቁሞ እስኪጨርስ ያዳምጠዋል። የለበሰውን የካስፓርን ልብስ አላወልቅም እያለ በዚያው ይተኛ ነበርም ይላል። እኔ ይሄን የምወድለት ነገር አለ፤ ሰዓቱ ገንዘብ በሆነበት ቦታ ሰውየውን ማዳመጣቸውን።

ሁለተኛውና የመጨረሻው ትልቅ ሥራው በ1977 የወጣው «ሽትሮሼክ» ነው። የዚህ ፊልም አፈጣጠር ራሱ ለአንተ ትምህርት ስለሆነ ሳልነግርህ አላልፍም። ሄርዞግ «ቮይሴክ» በሚባል ሌላ ፊልም ላይ ዋናውን ሚና ለብሩኖ ቃል ገብቶለት ነበር። በኋላ ሐሳቡን ቀየረና ለክላውስ ኪንስኪ ሰጠው፤ ኪንስኪ በዚያ ጊዜ የታወቀ ተዋናይ ነው። ብሩኖ በጣም አዘነ። ሄርዞግም ይሄን ሲያይ አፍሮ በ4 ቀን ውስጥ ሌላ ጽሑፍ ለብሩኖ ብቻ ጻፈለት። ታሪኩ ከእስር ቤት የወጣ የመንገድ ሙዚቀኛ፣ ከአንዲት ሴትና ከአንድ ሽማግሌ ጎረቤቱ ጋር አሜሪካ የሚሰደድበት ነው። ቤቱ የብሩኖ የራሱ ቤት ነው። አኮርዲዮኑ የራሱ አኮርዲዮን ነው። ስሙም ፊልሙ ላይ ብሩኖ ነው።

እዚያ ውስጥ አንድ ትዕይንት አለ፤ ካገኘኸው ደጋግመህ እየው። ብሩኖ ለሴትየዋ አንድ የተጣመመ፣ በእጅ የተሠራ ትንሽ ነገር ያሳያታል። ይሄ የብሩኖ ውስጡ ሲታይ እንዴት እንደሆነ ነው፤ በሮቹን ሁሉ እየዘጉበት ነው ይላታል። «እኔ» አይልም። «ብሩኖ» ነው የሚለው። እኛም አገር እኮ አለ እንዲህ የሚናገር ሰው፤ በጣም ሲከፋው ራሱን እንደ ሌላ ሰው ስሙን ጠርቶ የሚያዝን። አያቴ እንደዚያ ነበረች።

ከዚያ በኋላስ? ሆሊዉድ አልሄደም። ሀብታም አልሆነም። ወደ ፋብሪካውና ወደ ግቢዎቹ ተመለሰ። ሥዕል ሣለ፤ ሥዕሎቹም ለእይታ ቀርበውለታል። እስኪያረጅ ድረስ ዘፈኖቹን ማስተላለፉን ቀጠለ። በ2010 በርሊን ውስጥ በ78 ዓመቱ ሞተ። የዓለም ታላላቅ ጋዜጦች ስለ ሞቱ ጻፉ። ሁለት ፊልም! ዕድሜ ልካቸውን ሲሠሩ ኖረው ይሄን ያህል ያልተጻፈላቸው ስንት አሉ።

ወዳንተ ልመለስ። ሰዎች ስለ ብሩኖ ሁልጊዜ የሚከራከሩት ተበዘበዘ ወይስ ተከበረ በሚለው ነው። የኔ አቋም ይሄ ነው፦ ሥራው የሱ ነው፤ ክብሩም የሱ ነው። ነገር ግን ቃል ተገብቶለት የነበረው ሚና በአንድ ሰው ሐሳብ መቀየር ብቻ ከእጁ ወጥቷል። ዳይሬክተሩ ስላፈረ ሌላ ተጻፈለት። ባያፍርስ ኖሮ?

እኔ ራሴ ያየሁት አለ። አንኮበር አካባቢ አንድ የፊልም ቡድን መጥቶ ነበር፤ ስሙን አልጠራም። የአክስቴን ቤት ወደዱት፤ ጭሱን፣ ምሰሶውን፣ መደቡን። እሷንም ወደዷት። ቀብር ላይ እንደምታለቅሽ አልቅሺ አሏት። አክስቴ የሞተውን ልጇን አስባ አለቀሰች፤ ያ ለቅሶ ሐሰት አልነበረም። ሦስት ጊዜ አስደገሟት። ለቡና የሚሆን ብር ሰጥተዋት «ፊልሙ ሲያልቅ እናሳይሻለን» ብለው ሄዱ። አልተመለሱም። አክስቴ የከፋት ስለ ብሩ አይደለም። «ለቅሶዬን የት አደረሱት?» ነው የምትለኝ እስከ ዛሬ።

ስለዚህ ወንድሜ፣ ተወን። ትምህርት ቤት አለመግባትህ አይከልክልህ። አዲስ አበባ ድረስ መሄድ ባትችል እንኳ ደብረ ብርሃን ውስጥ የሚንቀሳቀሱ የክበብ ልጆች ታጣለህ ብዬ አላስብም። የፋብሪካ ሥራህን ግን አትልቀቅ፤ ብሩኖም አልለቀቀም። የሚሰጥህን ሚና፣ ክፍያውንና ፊልሙን የምታይበትን ቀን በወረቀት አስፈርም። «ኧረ እንተዋወቃለን እኮ» የሚልህ ካለ በተለይ እሱን አስፈርመው። አነጋገርህንም አታስተካክል። የደብረ ብርሃን ልጅ አነጋገር ለካሜራ አይሆንም ያለህ ሰው ካለ ፍላሹን ስጠው።

ከመሐል ሜዳ

«ልጄ፣ እኔ የልጆች እናት ነኝ። የመጨረሻዋ ልጄ ጥሩ የጸሐፊነት ሥራ ነበራት። አሁን ትታው ከፊልም ሠሪዎች ጋር ገጥማለች። አለቃቸው ጎበዝ ነው ትላለች። ግን ይሰድባታል አሉ፤ እሷም 'ለሥራው ብሎ ነው' ትለኛለች። እንዲህ ያለ ሥራ የሚያዋጣ ነው? ምን ልበላት?»

እናቴ፣ ጥያቄዎ ልቤን ነካኝ። የልጅዎን ታሪክ የሚመስል ታሪክ ያላት አንዲት ጀርመናዊት ተዋናይ ስላለች የሷን ልንገርዎ፤ ለልጅዎም ቢያነቡላት ደስ ይለኛል።

ኢርም ሄርማን ትባላለች። በ1942 ሙኒክ ተወለደች። ጸሐፊ ነበረች፤ በትልቁ የጀርመን የመኪና ባለቤቶች ክበብ ውስጥ። በ1966 ራይነር ቬርነር ፋስቢንደር ከሚባል ወጣት ጋር ተገናኘች። ያኔ ልጁ ገና ማንም የማያውቀው፣ ፊልም እሠራለሁ የሚል የ21 ዓመት ጎረምሳ ነው። ሥራሽን ተዪና ተዋናይ ሁኚ አላት፤ ተወችው። የትወና ትምህርት አልነበራትም።

ልጁ በእርግጥ ጎበዝ ነበር። በ37 ዓመቱ በ1982 እስኪሞት ድረስ ከ40 በላይ ፊልሞች ሠርቷል። ኢርምም በብዙዎቹ ውስጥ አለች። በ1972 በወጣው በአንዱ ፊልም ላይ የአንዲት ልብስ ነዳፊ ሴትዮ ረዳት ሆና ትታያለች። ታይፕ ትመታለች፣ ቡና ታቀርባለች፣ ትታዘዛለች፤ ፊልሙ ተጀምሮ እስኪያልቅ አንዲት ቃል አትናገርም። ግን ዓይንዎን ከሷ ላይ መንቀል አይችሉም። መጨረሻ ላይ ሻንጣዋን ሸክፋ፣ አሁንም አንድ ቃል ሳትናገር፣ ትሄዳለች።

ከካሜራው ኋላ ግን ፋስቢንደር ያዋርዳት ነበር፤ ይመታትም ነበር። ይሄን ራሷ ኋላ ላይ በአደባባይ ተናግራለች። ለዓመታት ቻለችው። ከዚያ በ1970ዎቹ አጋማሽ ላይ ተለየችውና ወደ በርሊን ሄደች።

እናቴ፣ ልጅዎ እንድትሰማው የምፈልገው ከዚህ ወዲያ ያለውን ነው። ከሱ ስትለይ ሥራዋ አልሞተም። ከሄርዞግ ጋር ሠራች፤ ያ ብሩኖ የተከለከለው «ቮይሴክ» ላይ አለች። መድረክ ላይ ሠራች፤ ለሬዲዮ ድራማ ድምፅዋን ሰጠች፤ ሕዝቡን በሳቅ የሚያፈርስ ኮሜዲ ፊልምም ላይ በ1991 ተጫውታለች። በ2020 በ77 ዓመቷ እስክትሞት ድረስ ስትሠራ ኖረች። እሱ ከሞተ በኋላ እንኳ ወደ 40 ለሚጠጋ ዓመት ማለት ነው።

ስለዚህ «ያለ እሱ ምንም ነኝ» የምትል ከሆነ ልጅዎን ይሄን ያሳይዋት። ስድብና ዱላ ለትወና የሚጨምሩት ነገር የለም። ይሄን የምለው በጣም ጠንክሬ ነው፤ ምክንያቱም እኛም አገር «አርቲስት ነዋ፣ ጠባዩ እንደዚያ ነው» እየተባለ የሚታለፍ ብዙ ነገር አለ። ከሥራው ያውጧት አልልዎትም። ከሰውየው ግን ትውጣ። ቤትዎንም ክፍት ያድርጉላት፤ አብዛኛው ልጅ ቤቱ ሲዘጋበት ነው የሚሰድበው ሰው ጋር የሚቀረው።

ከሸዋ ሮቢት

«አርት ሃውስ የምትሉት ምንድን ነው? አንዱን ጀምሬ ግማሹ ላይ እንቅልፍ ወሰደኝ። የሙከራ ፊልም የሚባለውስ ከሱ ይለያል? እንዲህ ያለውን ፊልም ማን ገንዘብ አውጥቶ ያሠራል? ተዋናዩስ ምን በልቶ ያድራል?»

እንቅልፍ ቢወስድህ ጥፋት የለበትም፤ የሸዋ ሮቢት ሙቀትም ይረዳል።

አርት ሃውስ የሚባለው በትልልቁ የንግድ ሲኒማ ቤት ለማይገኝ ፊልም የተሰጠ ስም ነው። ታሪክ አለው፣ ተዋናይ አለው፣ ግን አይቸኩልም፤ ሰውን ለመያዝ ሽጉጥና መኪና አያሯሩጥም። የሙከራ ፊልም ደግሞ ከዚያም አልፎ ይሄዳል፤ ታሪኩንም ሊተወው ይችላል። ለምሳሌ ቬርነር ሽሮተር የሚባል ዳይሬክተር ነበር። በፊልሞቹ ላይ ተዋናዮቹ የኦፔራ ዘፈን ከሸክላ እየተሰማ አፋቸውን ብቻ ያንቀሳቅሳሉ፤ እጅና ዓይናቸው ነው የሚናገረው። የሱ ዋና ተዋናይ ማግዳሌና ሞንቴዙማ ነበረች። ትተውናለች፣ ልብሱን ታዘጋጃለች፣ ቦታውን ታሰናዳለች። በጠና ታማ ሳለች ፖርቱጋል ውስጥ የመጨረሻ ፊልሟን ተቀረጸች፤ ጽሑፉም ላይ እጇ አለበት። ቀረጻው ካለቀ ብዙም ሳትቆይ በ1984 ሞተች። ፊልሟን ሳይ እኔ ሁልጊዜ ስለ እጆቿ ነው የማስበው።

ገንዘቡን በተመለከተ፣ ነገሩ የተጀመረው በየካቲት 1962 ኦበርሃውዘን ከተማ ላይ ነው። 26 ፊልም ሠሪዎች ተሰብስበው የድሮው ፊልም ሞቷል፣ እኛ በአዲሱ እናምናለን ብለው መግለጫ አወጡ። መግለጫ ብቻ ቢሆን ይረሳ ነበር። ግን በ1965 ለመጀመሪያ ፊልማቸው ለሚነሱ ልጆች ገንዘብ የሚሰጥ ተቋም ተመሠረተ። በ1974 ደግሞ የሕዝብ ቴሌቪዥን ጣቢያዎች ፊልም ለመሥራት ገንዘብ እንዲያዋጡ ስምምነት ተፈረመ። ፊልሙ መጀመሪያ ሲኒማ ቤት ይታያል፣ ከዚያ ቴሌቪዥን ላይ። እንግዲህ ሄርዞግም ፋስቢንደርም ትኬት ገዢ ሳይጠብቁ መሥራት የቻሉት በአመዛኙ በዚህ ነው። እኛ አገር ፊልም የሚሠራው ልጅ የእናቱን ወርቅ አስይዞ ነው፤ ስለዚህ ትኬት የሚሸጥ ነገር ብቻ ቢሠራ አልፈርድበትም።

ተዋናዩ ደግሞ ከዚህም ከዚያም ነው የሚበላው፤ መድረክ፣ የሬዲዮ ድራማ፣ ድምፅ መስጠት፣ ቴሌቪዥን። «ሽትሮሼክ» ላይ ከብሩኖ ጋር አሜሪካ የምትሰደደዋ ሴት ኤቫ ማተስ ናት። በ1979 ካን ላይ «ቮይሴክ» በተባለው ፊልም በረዳት ተዋናይነት ተሸልማለች። ይህቺው ሴት ከ2002 እስከ 2016 ድረስ ጀርመኖች እሑድ ማታ ተሰብስበው በሚያዩት የወንጀል ምርመራ ድራማ ላይ የፖሊስ መርማሪ ሆና ሠርታለች። የቴሌቪዥን ሥራው የቀደመውን አላበላሸባትም። እዚህ ግን አንድ ተዋናይ ከመድረክ ወደ ተከታታይ ድራማ ሲገባ «ወረደ» እንላለን፤ ይሄ አነጋገር ቢቀር ደስ ይለኛል።

ከደብረ ሲና

«ወንድሜ ፍራንክፈርት ነው ያለው። ምግብ ቤት ይሠራል። በትርፍ ጊዜው ትወና እየተለማመደ ነው፤ በቅርቡም አንድ ፊልም ላይ ትንሽ ሚና ሰጡት። በጣም ደስ ብሎታል። እኔ ግን ጥቁር ስለሆነ ብቻ የወሰዱት ይመስለኛል። ልንገረው ወይስ ዝም ልበል?»

እህቴ፣ ደስታውን አትቀሚው። ግን አንድ ፊልም እንዲያይ ንገሪው።

በ1974 የወጣ የፋስቢንደር ፊልም አለ። አንዲት ያረጀች የጽዳት ሠራተኛ ከሷ በብዙ ዓመት የሚያንስ ሞሮኳዊ ስደተኛ ሠራተኛ ታገባለች፤ ጎረቤቱ፣ ልጆቿ፣ ባለ ሱቁ ሁሉ ይነሡባቸዋል። ርእሱ በአማርኛ ቢመለስ «ፍርሃት ነፍስ ይበሉ» እንደማለት ነው። አዎ፣ «ይበሉ»፤ ተሳስቼ አይደለም። ጀርመንኛው ራሱ ሆን ተብሎ የተሰበረ ነው፤ ቋንቋውን ገና እየተማረ ያለ ስደተኛ የሚናገረው ጀርመንኛ። ወንድምሽ ርእሱን ብቻ ሲያነብ ይገባዋል።

ሞሮኳዊውን የሚጫወተው ኤል ሄዲ ቤን ሳሌም ነው። እሱም ከዚያው ከሰሜን አፍሪካ የመጣ፣ ትወና ያልተማረ ሰው ነበር። ቁመቱ፣ ዝምታው፣ ሴትየዋን ለዳንስ ሲያስነሣ የሚቆምበት አቋቋም፣ ይሄ ሁሉ የሱ ነው። ፊልሙ ካን ላይ ተሸለመ። ግን ፊልሙ ላይ የምትሰሚው ድምፅ የሱ አይደለም። የአንድ ጀርመናዊ ተዋናይ ድምፅ ነው የተደረበበት። ስለ ስደተኛ በተሠራ ፊልም ላይ ስደተኛው ድምፁን አጣ። ከጥቂት ዓመት በኋላ በ1977 ፈረንሳይ አገር እስር ቤት ውስጥ ሞተ። እኔ ይሄን ባወቅሁ ቁጥር ያመኛል፤ ምክንያቱም ፊልሙ በጣም የምወደው ፊልም ነው።

ዘመኑ ተለውጧል፤ ወንድምሽን ያ ይደርስበታል እያልኩሽ አይደለም። በመልኩ ምክንያት ቢወስዱትም ይውሰዱት፤ በሩ በየትም ይከፈት። ከገባ በኋላ ግን የሚጠይቀው ነገር አለ። ሚናው ስም አለው ወይስ «ስደተኛ 2» ተብሎ ነው የተጻፈው? የሚናገረው አለ? በራሱ ድምፅ ነው የሚወጣው? አማርኛ ተናገር ከተባለ ደግሞ ትርጉሙን እሱ ራሱ ይየው፤ ዝም ብሎ የአፍሪካ ቋንቋ ይሁን ብቻ ለሚሉት እሺ እንዳይል። ቀረጻው ሲያልቅም ጻፊልኝ፤ ምን ብለው ስሙን እንዳወጡት ማወቅ እፈልጋለሁ።